የእቴቴ ሙሉሐረግ ድድ በማን ተቆጣ

የቃሉ አገባብ ሌላ ትርጉም የሚያሰጠው ካልሆነ በስተቀር፣ በዚህ ጽሑፍ ውስጥ «እቴቴ ሙሉሐረግ» ማለት፣ መደበኛ አድራሻቸው የመካነ ሰላም ከተማ ቅቤ ተራ የሆነ፣ በየትኛውም አዋጅ ያልተቋቋሙ፣ በጀት የማይመደብላቸው፣ ነገር ግን በቀልድና በቁም ነገር መካከል ያለውን ወሰን በሳቃቸው የሚያካልሉና ፍርዳቸውም ይግባኝ የማይባልበት የተከበሩ ወይዘሮ ማለት ነው። ትርጉሙ ቅቤያቸውን፣ ነጠላቸውንና ጥቁር ድዳቸውን ይጨምራል።

ስለ ድዱ ጥቂት ማብራሪያ ያስፈልጋል። እቴቴ በልጃገረድነታቸው አጅባር ትኖር ወደነበረች አንዲት ነቃሽ ተወስደው ድዳቸውን ተነቅሰዋል። አሠራሩ ውስብስብ አይደለም። ነቃሿ የኩራዝ ጥላሸት ታዘጋጃለች፣ መርፌዎቿን በክር አንድ ላይ ታስራለች፣ ልጅቱ ደግሞ ትጮኻለች። ሁሉም የየድርሻውን ከተወጣ በኋላ ድዱ ያብጣል፤ እብጠቱ ሲጎድልም ኑግ መስሎ ይቀራል፤ ጥርሱም በዚያ ጥቁር ላይ ከወትሮው ይልቅ ነጥቶ ይታያል። ይህ ሁሉ ስቃይ የተከፈለበት ጌጥ ታዲያ አንድ ጉድለት አለበት፤ አፍ ከተዘጋ አይታይም። ጉትቻ ባለቤቷ ብታኮርፍም ይታያል። የአንገት ድሪ ባለቤቷ ብታለቅስም ይታያል። የድድ ንቅሳት ግን እንዲታይ ባለቤቷ መሳቅ አለባት፤ ያውም ከልብ። እቴቴ ይህን ግዴታ ዕድሜ ልካቸውን በቁም ነገር ሲወጡት ኖረዋል።

ሲስቁ መጀመሪያ ዓይናቸው ይጠፋል። ቀጥሎ የላይኛው ከንፈራቸው ወደ ላይ ይሰበሰብና ድዱ በሙሉ ክብሩ ይወጣል። ድምፁ ዘግይቶ ነው የሚመጣው፤ ሲመጣ ግን ቅቤ ተራውን አልፎ እህል ተራ ድረስ ይዘልቃል፤ እዚያ የታሰሩ አህዮች ጆሮአቸውን ያቆማሉ። ይሁንና ሳቃቸውን እንደ ማኅተም የሚያስቆጥረው ስፋቱ ሳይሆን ሐቀኝነቱ ነው። እቴቴ በይሉኝታ ስቀው አያውቁም። የቀበሌው ሊቀመንበር ቢቀልድ፣ የደብሩ አስተዳዳሪ ቢቀልዱ፣ ያለውን ቅቤ ጠቅልሎ ሊገዛ የመጣ የደሴ ነጋዴ ቢቀልድ፣ ቀልዱ ካላሳቀ አይስቁም። አፋቸውን እንደ ተወተፈ ቅል ገጥመው ይቆዩና «እሺ፣ ከዚያስ?» ይላሉ። ይህች «ከዚያስ» በከተማው ብዙ ትዕቢተኛ አብርዳለች።

የዚህ ፍርድ ዋነኛ ተጎጂ የጂኦግራፊ መምህሩ አስናቀው ነው። አስናቀው ደግ፣ ትጉህና ጨዋ ሰው ነው፤ ብቸኛ ጉድለቱ ቀልደኛ ነኝ ብሎ ማመኑ ነው። ቀልዱን በመግቢያ ይጀምረዋል፣ በሐተታ ያስፋፋዋል፣ በመደምደሚያ ይቋጨዋል፤ ሳቁ የሚገኝበትን አንቀጽ ብቻ ዘወትር ይዘለዋል። በገበያ ቀን የማያስፈልገውን ቅቤ ሊገዛ ይመጣና ከእቴቴ ፊት ይቆማል።

«እቴቴ፣ አንድ ሰውዬ ወረኢሉ ገበያ ሄዶ በሬ ገዛ አሉ። በሬውም መንገድ ላይ...»

«ምን ዓይነት በሬ ነው?»

«የበሬው ዓይነት ለቀልዱ አያስፈልግም እኮ፣ እቴቴ።»

«ለአራሹ ያስፈልገዋል። እሺ፣ ከዚያስ?»

በሬው በዚህ ዓይነት ከወረኢሉ ተነሥቶ ብዙ ጊዜ ጉዞ ጀምሯል፤ አንድም ቀን ግን መካነ ሰላም አልደረሰም።

ነገሩ እንዲህ ሆኖ ሲኖር፣ ባለፈው መስከረም እቴቴ ነጠላቸውን እስከ አፍንጫቸው አንሥተው ገበያ ወጡ። በማግስቱም፣ በሳምንቱም እንደዚያው። ሰው ሲያዋዛቸው ዓይናቸው ብቻ ጠበብ ይላል፤ ከነጠላው በታች የሚሆነውን የሚያውቅ የለም። ቅቤ ተራው ተረበሸ። አንዷ «ስእለት ገብተው ነው» አለች። ሌላዋ «ጥርሳቸው ወልቆ ነው» አለች። አንድ ሽማግሌ ደግሞ ከተማው ቀልድ ስላለቀበት ነው ብለው ጥፋቱን በወጣቱ ትውልድ ላይ ደፈደፉት። በዚህ ሁሉ መሐል ደስ ያለው አስናቀው ብቻ ነበር፤ እቴቴ ከነጠላቸው ሥር እየሳቁለት እንደሆነ ከልቡ አምኗልና።

እውነቱ ሌላ ነበር። ክረምቱ ሊወጣ ሲል እቴቴ የወይራ መፋቂያቸውን ከአፋቸው ቢያወጡት ጫፉ ደም ነክቶታል። «ድዴን አቆሰልኩት፤ እስኪ ይረፍ» ብለው መፋቂያውን ግድግዳው ላይ ሰኩት። ያረፈው ድድ ግን በመዳን ፈንታ ባሰበት። እንጀራ ሲጎርሱ ይደማ ጀመር። ቆሎ ባዕድ ሆነባቸው። ውሎ አድሮም የአፋቸው ጠረን ለራሳቸው ታወቃቸው፤ ሰው ፊት አፋቸውን ከመክፈት ይልቅ ነጠላቸውን ማንሣት የመረጡት ያን ጊዜ ነው።

መረጃ አልደረሳቸውም ማለት አይቻልም። አንድ ቀን ሬዲዮ ሲያዳምጡ ስለ ድድ በሽታ ይነገር ነበር፤ ጤነኛ ድድ ፈዘዝ ያለ ቀለም እንዳለው፣ የታመመ ድድ ግን እንደሚቀላ ተናጋሪዋ አስረዳች። እቴቴ መስታወት አውጥተው አፋቸውን ከፍተው ተመለከቱ። ኑግ ነው። «የእኔ ድድ ከተነቀስኩ ወዲህ ቀልቶም አያውቅ!» ብለው ሬዲዮውን ዘጉት። ያልቀላ ድድ ካልታመመ የሚደማው ለምንድን ነው? መልሱን ራሳቸው አገኙት፤ ንቅሳቱ አርጅቶ ለቋል፣ ደሙም ጥላሸቱ በሳሳበት በኩል ይወጣል። ስለዚህ አጅባር ሄደው መደገም አለባቸው። አንዲት ሴት በሰከነ አእምሮ፣ ደረጃ በደረጃ አስባ፣ ከዚህ የበለጠ ልትሳሳት አትችልም።

በዚህ መሐል ሰገነት ከሪያድ ተመለሰች። ሰገነት የሟች እኅታቸው ልጅ ናት፤ ያሳደጓት እሳቸው ናቸው። ሰው ቤት ስትሠራ በኖረችባቸው ዓመታት ስልኳ ላይ ያስቀመጠችው አንድ ድምፅ ነበር፤ እቴቴ ደህንነቷን ሊጠይቁ ጀምረው በመሐሉ አንድ ነገር አስቋቸው፣ ጥያቄውን ረስተው እስከ መጨረሻው የሳቁበት። ሰገነት ሥራ ሲበዛባት ያንን ትከፍታለች፤ የአሠሪዋ ልጆችም አማርኛ ሳያውቁ አብረው ይስቁ ነበር። አሁን የመጣችው አናጢውን ይርዳውን ልታገባ ነው፤ ሠርጉ በጥር ተቆርጧል። በገባች ዕለት ግን እቴቴ ነጠላቸውን ሳያወርዱ ሳሟት።

«እቴቴ፣ አፍዎ ምን ሆነ?»

«ብርድ ነው።»

«እቤት ውስጥ?»

«እቤቱም ይበርዳል። ዐረብ አገር ለምደሽ ነው።»

ማታ የሠርጉ ነገር ሲነሣ እቴቴ እንደ ዋዛ «እኔ ለዕለቱ ጓዳ ነኝ፤ ወጡን ማን ይጠብቃል?» አሉ።

«ወጡ የት እንዳይሄድ ነው የሚጠበቀው?»

«እንዳያርር!»

«ይረር! እኔ ያን ሁሉ ባሕር ተሻግሬ የመጣሁት ለወጥ ነው? አንቱ ከፊት ተቀምጠው ካልሳቁልኝ ሠርግ ነው የሚባለው? በሉ፣ አፍዎን ይክፈቱ።»

«የማን ልጅ ነሽ፣ አዋቂ ሰው አፍ የምታስከፍቺ?»

«አንቱ ያሳደጓት።»

ነጠላውን አወረዱ። ሰገነት ፊቷን ሳታዞር በስልኳ መብራት ተመለከተች፤ ጠረኑ ሲደርሳትም ዓይኗን እንኳ አላርገበገበችም። እቴቴ ይህን አስተዋሉ፤ እስካሁንም ያነሡላታል።

«ምንም አይደል» አሉ፤ «አጅባር ሄጄ ልደገመው ነው።»

«የቤት ግድግዳ ነው እንዴ የሚደገመው? ነገ ክሊኒክ እንሄዳለን።»

ረጅም ክርክር ተካሄደ። በመጨረሻ ክሊኒኩም የአጅባር መኪናም መናኸሪያው አካባቢ በመሆናቸው፣ መጀመሪያ ሐኪም እንዲያያቸው፣ ሐኪሙ ካልቻለ እቴቴ በዚያው መኪና እንዲሳፈሩ ተስማሙ።

የጥርስ ባለሙያው ሱፍያን የሚባል የወረኢሉ ልጅ ነው።

«አሰላሙ ዐለይኩም፣ እቴቴ።»

«ወዐለይኩም ሰላም፣ ልጄ። ያ ሐኪም የት አለ?»

«እኔ ነኝ።»

እቴቴ ሰገነትን ዘወር ብለው አዩአት። «የዚህ ልጅ የራሱ ጥርስ መቼ በቀለና ነው?»

ሱፍያን ሳቀ። «በቅሏል፣ አልሐምዱሊላህ። ምን ሆነው ነው?»

«ንቅሳቴ ለቀቀ።»

«እኔ እኮ የማክመው ጥርስ ነው።»

«ድድ ጎረቤቱ አይደል?»

ወንበሩ ላይ አስተኛቸውና በቀጭን መሣሪያ የድዱን ጠርዝ እየነካካ ተመለከተ። ጎንበስ ብሎ ጥቂት ከቆየ በኋላ ቀና አለ።

«እቴቴ፣ ድድዎ ተቆጥቷል።»

«ተቆጥቷል? በማን?»

«በቆሻሻ። ጥርስዎ ሥር ተጋግሮ ጠንክሯል፤ ድዱ የተቆጣው እሱን ነው።»

«እኔማ ክፉ ቃል አልተናገርኩትም! እንዲያውም ሲደማ አይቼ አዝኜለት፣ ከነሐሴ ወዲህ መፋቂያም አላስነካሁት።»

«እሱ ነው ያባሰው። ተዉኝ ብሎ መስሎዎት ነው የሚደማው? አጽዱኝ እያለ ነው።»

እቴቴ አሰቡ። የሬዲዮዋ ሴት ነገር ትዝ አላቸው። «ታዲያ ለምን አልቀላም? ይቀላል ተብሏል።»

«ቀልቷል። ጥላሸቱ ሸፍኖት ነው። ከጥቁር ካባ ሥር ቀይ ቀሚስ ቢለበስ ማን ያያል? አንቱ ቀለሙን ይተዉትና እብጠቱንና ደሙን ይዩ» አለና መስታወት ሰጣቸው። «ደህና ድድ ጠርዙ ስስ ነው፤ ጥርሱን ጥብቅ አድርጎ ይይዛል። ያንቱን ይዩት፤ ዳር ዳሩ አብጦ ክብ ሆኗል፤ ነካ ሳደርገው ደግሞ ይደማል።»

«ባይታከምስ?»

«ቁጣው ወደ ታች ይወርዳል። ጥርሱን የያዘውን አጥንት ይበላዋል። ከዚያ ምንም ያልተቦረቦረ ጥርስ፣ ነጭ እንደሆነ፣ እንደ ላላ ችካል ይወዛወዝና ይወልቃል።»

እቴቴ መስታወቱን ጭናቸው ላይ አስቀመጡት። ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፃቸው አነሰ።

«እስከ ጥር እስቅ ይሆን?»

ሱፍያን ጥያቄው ስለ ጥርስ እንዳልሆነ ገባው። «አብሽሩ፣ እቴቴ። አጥንቱን አልነካውም፤ ገና ድዱ ላይ ነው። ይህ ተመልሶ የሚድን ነው፣ ኢንሻ አላህ። ንቅሳቱን ብቻ እንዳይደግሙት፤ የተቆጣ ድድ በመርፌ ቢወጋ ቁጣው ይጨምራል እንጂ አይበርድም፤ መርፌውም ሌላ በሽታ ይዞ ሊገባ ይችላል።»

ከዚያ የተጋገረውን ይፍቅ ጀመር። ከታችኛው ጥርስ ጀርባ ያወጣውን ጠጣር ነገር ሲያሳያቸው እቴቴ ቀና ብለው መረመሩት።

«ይህ ከእኔ አፍ ነው የወጣው? ይህማ የወፍጮ ድንጋይ ነው!»

«ለወፍጮ እንኳ ያንሳል፣ እቴቴ።»

«ከዚህ ወዲያማ ጤፍ የምፈጭልህ መስሎህ ነበር?» አሉና ሊስቁ ዓይናቸው ጠበበ፤ ወዲያው ግን እጃቸው ተነሥቶ አፋቸውን ሸፈነ። ሰገነት ይህን ከጥግ ሆና አየች።

ሱፍያን ሲጨርስ ጥርስ እንዴት እንደሚፍቁ ጠየቃቸው። እቴቴ ከፊት ያሉትን ጥርሶች ላይ ታች እያደረጉ አሳዩት።

«የውስጡንስ?»

«የውስጡን ማን ያየዋል?»

ይህ መልስ ለጥርስ ብቻ የተሰጠ ባይሆንም ሱፍያን በሙያው ተወስኖ መለሰ። ቆሻሻው የሚከማችበት ሰው በማያየው በኩል መሆኑን፣ ጠዋትና ከመኝታ በፊት ለስላሳ ብሩሽ ወይም ጫፉ ታኝኮ እንደ ጭራ የለሰለሰ መፋቂያ ይዘው ጥርስና ድድ የሚገናኙበትን በውስጥም በውጭም ቀስ ብለው ማጽዳት እንዳለባቸው ነገራቸው። ለብ ባለ የጨው ውሃ መጉመጥመጥ እንደሚያግዝ፣ ነገር ግን የማጽዳቱን ቦታ እንደማይተካ አከለበት። «መጀመሪያ ሰሞን ይደማል» አለ፤ «ደም ባዩ ቁጥር እንዳይሸሹ።»

የአጅባሩ መኪና ያለ እቴቴ ሄደ።

በማግስቱ ጠዋት ደም አዩ፤ ሊሸሹም ተነሡ። ሰገነት ግን በሩ ላይ ቆማ ነበር። ሪያድ ሳለች የአሠሪዋን ልጆች ጥርስ ሳያጸዱ አታስተኛም ነበርና፣ ለዚህ ሥራ ልምድ አላት። «ውስጡን፣ እቴቴ፣ ውስጡን!» ስትል ጎረቤት ድረስ ይሰማል። ከጥቂት ቀናት በኋላ ደሙ አነሰ፤ ቀጥሎም ቆመ። እቴቴ ጠዋት ጠዋት መስታወቱን ይዘው ድዳቸውን «ዛሬስ በረድህ?» ብለው ይጠይቁታል። እብጠቱ ጎደለ፤ ጠርዙ ስስ ሆነ። ሱፍያን በቀጠሮው ነካክቶ ዐይቶ «ታርቋል» ሲል ፈረደ። ቅቤ ተራውም ከነገሩ ራሱን አላገለለም፤ ሴቶቹ ገበያው ጭር ሲል አንዷ የሌላዋን አፍ እያስከፈተች ትመረምር ጀመር። ያልተነቀሱት ቀይ ተገኘባቸው፤ የተነቀሱት ደግሞ «ካባው ይገለጥ» እየተባሉ ተፋጠጡ። ሱፍያን ዘንድ ሰልፍ ሆነ።

እቴቴ ቆሎ ይበላሉ። ጠረናቸው ጠፍቷል። ነጠላው ግን አልወረደም።

ሐኪም የሚያክመው ድድ ነው፤ ዐፍረት በዚያ ፍጥነት አትጎድልም። ለወራት አፍ መሸፈን የለመደ እጅ፣ ሳቅ በመጣ ቁጥር ሳይጠሩት ይነሣል። ድዱ ታርቋል፤ እጃቸው ግን ገና አልታረቀም ነበር። ሰገነት አልጨቀጨቀቻቸውም። የሠርጉ ዕለት ጠዋት የጓዳውን ኃላፊነት ለጎረቤት አስረክባ፣ ጭልፋውን ከእጃቸው ወስዳ፣ ዳሱ ውስጥ ከፊት አስቀመጠቻቸው። ነጠላው እስከ አፍንጫ ነው።

ዳሱ ሞልቷል። ሱፍያን ተጋብዞ ለእሱ በተለየው የእስላም ማዕድ በኩል ተቀምጧል፤ ብዙ ሰው በአጠገቡ ሲያልፍ ከንፈሩን ይገጥማል። ሙሽሮቹ ገብተዋል። ሰገነት በቬሏ ውስጥ ሆና የምታየው ይርዳውን ሳይሆን እቴቴን ነው።

በዚህ ጊዜ ሚዜው ተነሣ። ሚዜው አስናቀው ነበር። ከመስቀል ጀምሮ ሲዘጋጅበት የከረመው ንግግር እንደነበረው ሁሉም ያውቃል፤ የወረኢሉው በሬም ተሻሽሎና ሰፍቶ በዚያ ንግግር ውስጥ እንደሚገኝ ተወርቷል። ሕዝቡ በትዕግሥት ተዘጋጀ። የቅቤ ተራ ሴቶች ወደ እቴቴ ዞሩ። አስናቀው ኮቱን አስተካከለ፤ ጉሮሮውን ጠረገ፤ ዙሪያውን አየና፣ ሁሉም በሬውን ሲጠብቅ፣ እንዲህ አለ፦

«የተከበራችሁ የሠርጉ ታዳሚዎች፣ እንደምን ዋላችሁ?»

የእቴቴ ዓይን ጠፋ።

እጃቸው እንደ ልማዱ ተነሣ፤ ነጠላውን ያዘ፤ ትንሽም አመነታ። ከዚያ ነጠላውን ይዞ ወደ ታች ወረደና ጭናቸው ላይ ተቀመጠ። ከንፈሩ ተሰበሰበ። ያ ጥቁር ድድ ከእነ ነጭ ጥርሱ በጥር ፀሐይ ወጣ። ድምፁ እንደ ወትሮው ዘግይቶ መጣ፤ ሲመጣ የዳሱን ሸራ አንቀጠቀጠው። ሰገነት ሙሽራ መሆኗን ረስታ እልል አለች። ፍርዱ ከተሰጠ ወዲህ ሕዝቡ ምን ይጠብቃል? ዳሱ በሙሉ ሳቀ፤ ሽማግሌዎች እንባቸውን ጠረጉ፤ «እንደምን ዋላችሁ አለ እኮ!» እያለ አንዱ ለሌላው አስተላለፈ።

አስናቀው እጁን እንደ ዘረጋ ቀረ።

«እቴቴ» አለ፣ ጸጥታ ሲያገኝ፤ «ገና አልጀመርኩም እኮ!»

«እኔ ጀምሬያለሁ!» አሉ እቴቴ፣ እንባቸውን በነጠላቸው ጫፍ እየጠረጉ። «ተቀመጥ!»

አስናቀውም ተቀመጠ። በሬው እስካሁን መካነ ሰላም አልደረሰም።